ወር በወር ስለሚገባውና ስለሚወጣው፦ ለጌም ፓስ ክፍል የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለ፦ ማይክሮሶፍት ኩባንያ፣ የኤክስቦክስ ጌም ፓስ ክፍል
ሬድመንድ፣ ዋሽንግተን ግዛት

ጉዳዩ፦ በየወሩ ስለሚጨመሩት ጌሞችና ስለሚጨመረው ዋጋ ምስጋና ስለማቅረብ

ከላይ በርዕሱ ለመግለጽ እንደተሞከረው፣ ጌም ፓስ ማለት ደንበኛው በየወሩ እየከፈለ በብዙ መቶ የሚቆጠሩ የቪዲዮ ጌሞችን የሚጫወትበት፣ አንዱንም ግን የራሱ የማያደርግበት አገልግሎት ነው። ሥራ የጀመረው ጁን 1 ቀን 2017 ነው። (በዚህ ደብዳቤ ያሉት ቀኖች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ ሒሳቡ የሚቆረጠው በዚያው ስለሆነ።) በመክፈቻው ዕለት ከ100 በላይ ጌሞች ነበሩት፤ የወር ክፍያው 9.99 ዶላር ነበር። በጃንዋሪ 2018 ደግሞ የኩባንያው ስቱዲዮዎች የሚሠሯቸው ጌሞች በሙሉ ለገበያ በወጡበት ዕለት ለደንበኞችም እንደሚቀርቡ ተነገረ፤ በማርች የወጣው ሲ ኦፍ ቲቭስ የዚህ ቃል የመጀመሪያው ፍሬ ሆነ። አንዱን ጌም በ60 ዶላር ሲገዛ ለኖረ ሰው ነገሩ ለማመን የሚያስቸግር ነበር። በአገልግሎቱ ላይ ይታይ የነበረው ጉድለት አንድ ብቻ ነው፤ እሱም የዋጋው ማነስ ነው። ክፍሉ ይህን ጉድለት ደረጃ በደረጃ አርሞታል።

የአገልግሎቱ ዋነኛ የሥነ ጽሑፍ ቅርስ ወርሃዊው ማስታወቂያ ነው። በወር ሁለት ጊዜ፣ አንዴ በመባቻው፣ አንዴ በአጋማሹ አካባቢ ይወጣል። አቀራረቡ እንደ ቅዳሴ ሥርዓት ቋሚ ነው። ሞቅ ያለ ሰላምታ ይቀድማል፤ ቀጥሎ የሚገቡት ጌሞች በየቀናቸው ይደረደራሉ። ከእያንዳንዱ ስም አጠገብ በኮንሶል ይሁን በኮምፒውተር፣ በየትኛው የክፍያ ደረጃም እንደሚገኝ ይጻፋል፤ ከሥሩ ሁለት ሦስት መስመር ውዳሴ ይከተላል። በእነዚህ መስመሮች ውስጥ ዓለም ሁልጊዜ ልትጠፋ ደርሳለች፣ አዳኙም ሁልጊዜ ደንበኛው ነው። ጎመን ተክሎ ላም የማለብ ጌም እንኳ ቢሆን ዕጣ ፈንታን የሚወስን ጉዞ ሆኖ ይቀርባል። ከዚያ በነባሮቹ ጌሞች ላይ የተደረጉ ማሻሻያዎችና ትናንሽ ስጦታዎች ይዘረዘራሉ፤ ለገጸ ባሕርይ የሚለበስ ኮፍያ፣ ለመኪና የሚሆን ቀለም የመሳሰለው። ይህን ክፍል ሰው ሁሉ ይዘለዋል።

ጽሑፉ ሊያልቅ ሲል ደግሞ የሚወጡት ይመጣሉ። እዚህ ላይ የጸሐፊው ብዕር በድንገት ይደርቃል። የሚወጣ ጌም ውዳሴ የለውም። ስሙ፣ የሚሠራበት መሣሪያና የሚወጣበት ቀን፣ ብዙውን ጊዜ የወሩ 15ኛ ወይም የመጨረሻው ዕለት፣ ተጽፎ ያበቃል። በገባበት ዕለት ወደር የለሽ የተባለው ጌም በሚወጣበት ዕለት አንድ ቅጽል እንኳ አያገኝም። ማጽናኛው ሁልጊዜ ያው ነው፤ ደንበኛው ከመውጫው ቀን በፊት እስከ 20 በመቶ በሚደርስ ቅናሽ ገዝቶ ሊያስቀረው እንደሚችል ይነገረዋል። ሰውዬው ወራት ሙሉ የከፈለበትን ነገር እንደገና እንዲገዛ መጋበዙን ችሮታ አስመስሎ ማቅረብ ቀላል ችሎታ አይደለም። ልምድ ያካበተ ደንበኛ ማስታወቂያውን የሚያነበው ከታች ወደ ላይ ነው፤ የጀመረው ጌም ስም ከሥር አለመኖሩን ካረጋገጠ በኋላ ብቻ ወደ ውዳሴው ይወጣል።

ጌሞቹ የሚወጡበት ምክንያት የተሰወረ አይደለም። በዝርዝሩ ያሉት አብዛኞቹ ጌሞች የሌሎች ኩባንያዎች ንብረት ናቸው። ክፍሉ ለባለቤቱ የተስማሙበትን ገንዘብ ይከፍላል፤ በምላሹ ጌሙ ለተወሰነ ጊዜ በአገልግሎቱ ውስጥ ይቀመጣል፤ ውሉ ሲያልቅ ወይ ይታደሳል ወይ ጌሙ ይሄዳል። የውሉን ርዝመት ባለቤቱና ክፍሉ ያውቁታል። ደንበኛው የሚያውቀው መውጫው ሁለት ሳምንት ያህል ሲቀረው ነው። ይህም አሠራር የራሱ ጥቅም አለው፤ 100 ሰዓት የሚፈጅ ጌም የጀመረ ሰው ያለ እንቅልፍ እንዲጨርሰው ያደርገዋል።

የመግባትና የመውጣት ጥበብ በተሟላ መልኩ የታየው በግራንድ ቴፍት አውቶ 5 ነው። ጌሙ መጀመሪያ ለገበያ የወጣው በሴፕቴምበር 2013 ነው። ወደ ጌም ፓስ በጃንዋሪ 2020 ገባ፤ በሜይ ወጣ። በቦታው ሬድ ዴድ ሪደምፕሽን 2 ተተክቶ፣ እሱም በሴፕቴምበር ተከተለው። በኤፕሪል 2021 ግራንድ ቴፍት አውቶ ተመለሰ፤ በኦገስት ሄደ። በጁላይ 2023 ተመለሰ፤ በጃንዋሪ 2024 ሄደ። በኤፕሪል 2025 አሁንም መጣ። አንድ ጌም በዚህ ሁኔታ አራት ጊዜ የወሩ አዲስ ጭማሪ ሆኖ ተበሥሯል፤ በመጨረሻው ብሥራት ጊዜ 12 ዓመት ሊሞላው ወራት ቀርተውት ነበር። በጌሙ ውስጥ ያሉት ወንበዴዎች እንኳ ወደ አንድ ባንክ ቤት ይህን ያህል ጊዜ አልተመላለሱም።

የሰው ንብረት ነውና መሄዱ አይገርምም ይባል ይሆናል። የኩባንያው የራሱ ጌሞች ግን ዘላቂ እንደሆኑ ይታመን ነበር። ይህን እምነት ፎርዛ ሆራይዘን 4 አስተካክሎታል። በ2018 የወጣው ይህ የመኪና እሽቅድምድም ጌም የማይክሮሶፍት ልጅ ነው፤ በውስጡ ያሉት እውነተኛ የመኪና ስሞችና ዘፈኖች ግን በፈቃድ የተወሰዱ ስለሆኑ ዲሴምበር 15 ቀን 2024 ከመሸጫውም ከጌም ፓስም ተነሣ። ቀደም ብሎ የገዛው ሰው ዛሬም ይጫወተዋል፤ በወርሃዊ ክፍያ ብቻ ሲጫወተው የነበረው የእንግሊዝን ገጠር በትዝታ ይነዳል።

አዲስ ጌም ሳይገኝ አዲስ ጭማሪ የሚገኝበት ሌላም መንገድ አለ። አገልግሎቱ በክፍያ ደረጃዎች የተከፋፈለ በመሆኑ፣ በላይኛው ደረጃ ለወራት የቆየ ጌም ወደ መካከለኛው ሲወርድ በወርሃዊው ማስታወቂያ ላይ ከአዲሶቹ እኩል ይሰለፋል። ለላይኛው ከፋይ የበላው ምሳ ነው፤ ለመካከለኛው ግን ብሥራት ነው። ዝርዝሩ በዚህ ይረዝማል፤ ሲታይም ደስ ይላል። የደረጃዎቹ ስሞች በየጊዜው መለወጣቸውም ለማስታወስ ችሎታ ልምምድ ይሰጣል። በሴፕቴምበር 2023 ኮር የተባለው ደረጃ በኦክቶበር 2025 ኢሴንሻል ሆነ፤ በ2024 የመጣው ስታንዳርድ በዚያው ቀን ፕሪሚየም ተባለ። በስም ደረጃ ማንም ደንበኛ ዝቅ አላለም።

ከዚህ ሁሉ ጋር፣ እውነቱ አይካድም፤ ጥሩ ወር ጥሩ ወር ነው። በኤፕሪል 2025 ኦብሊቪየን የተባለው የቆየ ጌም አዲስ ቅጂ በታወጀበት ዕለት ወዲያው ለደንበኞች ቀረበ። ሁለት ቀን ቆይቶ በፈረንሳይዋ ሞንፔልዬ ከተማ ያለ ሳንድፎል የተባለ ስቱዲዮ የሠራው ክሌር ኦብስኩር፦ ኤክስፔዲሽን 33 በወጣበት ቀን ገባ፤ በዲሴምበር ደግሞ በዘ ጌም አዋርድስ የዓመቱ ምርጥ ጌም ተባለ። የዚያ ሳምንት ደንበኛ የሚያማርርበት ነገር አልነበረውም። ደብዳቤው ስለዚያ ሳምንት ብቻ ቢሆን ኖሮ እዚህ ላይ በምርቃት በተዘጋ ነበር።

ወደ ዋጋው ሲመጣ፣ ከሁሉ ይልቅ አስተማማኝ ሆኖ የቆየው ጭማሪ ይህ ነው። ሁሉንም አካቶ በጁን 2019 የመጣው አልቲሜት የተባለው የላይኛው ደረጃ በወር 14.99 ዶላር ነበር። በጁላይ 2023 16.99፣ በጁላይ 2024 19.99፣ ኦክቶበር 1 ቀን 2025 ደግሞ 29.99 ሆነ። የ2025ቱ ጭማሪ ብቻውን 50 በመቶ ነበር። ማካካሻ የሆኑት በዓመት ከ75 በላይ ጌሞች በወጡበት ቀን እንደሚገቡ የተሰጠው ተስፋ፣ የዩቢሶፍት ኩባንያ የቆዩ ጌሞች ስብስብና ፎርትናይት የተባለው ጌም ወርሃዊ ጥቅል ነበሩ፤ ፎርትናይት ነክቶ የማያውቅ አባወራም የፎርትናይትን መዋጮ የመካፈል ዕድል ገጥሞታል። በዚያ ዋጋ የዓመቱ ሒሳብ 360 ዶላር ሊሞላ 12 ሳንቲም ይጎድለው ነበር። በዚያ ገንዘብ ባለ 70 ዶላር ትልልቅ ጌሞች አምስት ይገዙ ነበር፤ ማንም አይወስዳቸውም። እቁብ የሚጥል ሰው ወር በወር ቢከፍልም አንድ ቀን ዕጣው ይወጣለታል፤ እዚህ ግን ዕጣው ሁልጊዜ የሚወጣው ለሰብሳቢው ነው። ሰብሳቢውም አልተጎዳም፤ በጁን 2025 በተዘጋው የበጀት ዓመት የጌም ፓስ ገቢ ወደ 5 ቢሊዮን ዶላር መጠጋቱን ኩባንያው ራሱ ገልጿል።

ጭማሪው ከየት እንደመጣ ለማወቅ ወደ ኋላ መሄድ ያስፈልጋል። ማይክሮሶፍት አክቲቪዥን ብሊዛርድ የተባለውን የጌም ኩባንያ በ68.7 ቢሊዮን ዶላር ሊገዛ ማሰቡን በጃንዋሪ 2022 ካስታወቀ በኋላ የአሜሪካ ፌዴራል የንግድ ኮሚሽን ተቃወመ፤ ኩባንያው ግን ግዥው ለተጫዋቹ ጥቅም እንደሆነ ተከራከረ። ፍርድ ቤት ኮሚሽኑ የጠየቀውን እግድ ሳይቀበል ቀረ፤ ግዥው በኦክቶበር 2023 ተፈጸመ። ዘጠኝ ወር ቆይቶ ዋጋው ጨመረ። ለኮንሶል ብቻ የነበረው የ10.99 ዶላር ደረጃ ለአዲስ ደንበኛ ተዘጋ፤ የተተካው ስታንዳርድ 14.99 ዶላር ሲሆን፣ ጌሞች በወጡበት ቀን የመግባታቸው ነገር ከእሱ ላይ ተነሣ። በ2018 የተሰጠው ያ ቃል በዚህ ሁኔታ በኮንሶል በኩል የላይኛው ደረጃ ጌጥ ሆነ። ኮሚሽኑ ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት በጻፈው ደብዳቤ፣ ሸማቹ ጥራቱ የወረደ ነገር በውድ እንዲገዛ ተደርጓል ሲል ከሰሰ። የኮሚሽኑ ደብዳቤ ከዚህኛው ይልቅ ቀልድ ያንሰዋል እንጂ ሐሳቡ ብዙም አይርቅም።

ስለ ስቱዲዮዎቹም አንድ ነገር መባል አለበት። ሃይ ፋይ ረሽ የተባለው ጌም በጃንዋሪ 2023 በታወጀበት ቀን ወደ ጌም ፓስ ገብቶ ብዙ ተመሰገነ፤ በዓመቱ መጨረሻም በድምፅ ሥራው ተሸለመ። የሠራው የጃፓኑ ታንጎ ጌምወርክስ በሜይ 2024 እንዲዘጋ በማይክሮሶፍት ተወሰነበት። ክራፍተን የተባለ የኮሪያ ኩባንያ በኦገስት ወስዶ አተረፈው። በወርሃዊው ማስታወቂያ ላይ የሚወጡ ጌሞች እንጂ የሚወጡ ሠራተኞች ዝርዝር የለም።

አገልግሎቱን ማቋረጥ ይቻላል። የ2025ቱ ጭማሪ በታወጀበት ዕለት ይህን ለማድረግ የፈለገው ሰው እጅግ ከመብዛቱ የተነሣ የመሰረዣው ገጽ አልከፈት እንዳለ በስፋት ተዘግቧል። ገጹ የተከፈተለት ሰው በእጁ የሚቀረው ሴቭ የተደረገው ፋይል ነው። ዋሻው ውስጥ የደረሰበት ቦታ፣ ያጠራቀመው ወርቅ፣ ለፈረሱ ያወጣለት ስም በደመና ላይ በክብር ይጠበቅለታል። መክፈቻው ጌም ግን የለም። ሶኒም በተመሳሳይ አገልግሎቱ በፕሌይስቴሽን ፕላስ በየወሩ የሚሰጣቸውን ጌሞች ደንበኛው ወደ ማኅደሩ እንዲያስገባ ይፈቅድና፣ ክፍያው በተቋረጠ ማግስት ማኅደሩን ይቆልፈዋል። ሁለቱ ኩባንያዎች በብዙ ነገር ቢፎካከሩም በዚህ ነጥብ ላይ ወንድማማቾች ናቸው።

ኢትዮጵያ አገልግሎቱ በይፋ ከሚሰጥባቸው አገሮች መካከል የለችም። ልጆቹ በሜሪላንድ ወይም በቨርጂኒያ የሚያድጉለት ወላጅ ከባንክ ካርዱ ላይ በየወሩ የምትቆረጠውን ገንዘብ ያውቃታል፤ አዲስ አበባ ያለው ወጣት ግን ከዚህ በረከት ውጭ ነው። የሚጫወተው በሰፈሩ ፕሌይስቴሽን ቤት፣ በላብ በተለሰነ ጆይስቲክ፣ በአብዛኛው እግር ኳስ ነው፤ ሒሳቡ በጨዋታ ነው፣ ብዙ ቦታም ተሸናፊ ይከፍላል። ማስታወቂያ የለም፤ የሚወጣው ጌም ሳይሆን የተሸነፈው ልጅ ነው፤ መብራት ካልጠፋ በቀር ጌሙ ነገም እዚያው አለ። ክፍሉ ወደ አገሪቱ ለመግባት ቢያስብ ከእነዚህ ቤቶች ጋር ከመፎካከሩ በፊት የአገሩን ዘመን አቆጣጠር ቢያጠና ይበጀዋል፤ በ13ኛው ወር ለ5 ቀን ስንት እንደሚቆረጥ የሚጠይቅ ደንበኛ አይጠፋም።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦
— ለሶኒ ኩባንያ፣ የፕሌይስቴሽን ፕላስ ክፍል
— ለግራንድ ቴፍት አውቶ 5፣ ባለበት (ከወጣ፣ እስኪመለስ በመዝገብ ቤት ይቆይ)