ስጋትን የማድለብ ዘዴ

ጠዋት ዓይንዎን እንደገለጡ፣ ፊትዎን ሳይታጠቡ፣ ከትራስዎ ሥር ስልክዎን ያውጡ። «ሰበር» የሚል ቃል ያለበትን ሁሉ ይክፈቱ። አንዱ የቴሌግራም ቻናል ያወጣውን ሌላው አስተባብሎ እንደሆነ ይፈትሹ፤ አስተባብሎ ከሆነም ማስተባበያውን የሚያስተባብል ይፈልጉ። ቁርስ እስኪቀርብ ስለ ዶላር ምንዛሪ፣ ስለ ቤት ኪራይ፣ ስለ አንድ ሩቅ አገር ወረርሽኝና ስለማያውቁት ሰው አሟሟት ብዙ ሰምተዋል። ልብዎ ፈጠን፣ ሆድዎ ባባ ካለ ዘዴው መሥራት ጀምሯል።

ይህ የፌዝ ምክር ነው፤ የሚመከረው ሁሉ ተገልብጦ ይነበብ። ጉዳዩ ግን ፌዝ አይደለም። በዙሪያዬ የማያቸው ደጋግ ሰዎች እነዚህን ነገሮች በየቀኑ የሚያደርጉት ከፍቅርና ከጥንቃቄ ነው፤ ራሳቸውንና ልጆቻቸውን ለመጠበቅ ብለው። በግ በቀለቡ እንደሚደልብ ስጋትም የሚደልብበት ቀለብ አለው፤ ቀለቡም አሁኑኑ እፎይ ማለት ነው። ሸሽቶ፣ ደጋግሞ ጠይቆ፣ ፈትሾ የሚገኝ እፎይታ ለአፍታ ይጣፍጣል፤ በማግስቱ ስጋቱ ወፍሮ ይነሣል። የዘዴው ምሥጢር በሙሉ እዚህ ላይ ነው።

አሜሪካዊው የፊዚዮሎጂ ሊቅ ዋልተር ካነን እ.ኤ.አ. በ1915 ባሳተመው መጽሐፍ፣ አደጋ የገጠመው እንስሳ ሰውነት ምን እንደሚሆን አስረድቷል። አድሬናሊን ይረጫል፤ ልብ ይፈጥናል፤ ደም ከሆድ ዕቃ ወደ ጡንቻ ይዞራል፤ ጉበት ስኳር ይለቃል። ሁሉም ለመግጠም ወይም ለመሸሽ የሚሆን ስንቅ ነው። ጅብ ከፊት ሲቆም ይህ ሕይወት ያድናል። አልጋ ላይ ተጋድሞ ስልክ የሚያይ ሰው ግን የሚገጥመውም የሚሸሸውም የለው፤ ስንቁ ሳይበላ ደረቱ ላይ ይቀመጣል። ስለዚህ ለሰውነትዎ በየደቂቃው አዲስ ጅብ ያሳዩት፤ መሮጫ ግን አይስጡት። ከዜናው በኋላ ግማሽ ሰዓት በእግር መሄድ ያመጡትን ሁሉ ስለሚያበላሽብዎ ከመንገድ ይራቁ።

አደጋው ካለፈም በኋላ ደጋግመው ይመልከቱት። እ.ኤ.አ. በ2013 በቦስተን ማራቶን ቦምብ ከፈነዳ በኋላ፣ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የኧርቫይን ተመራማሪዎች ሰዎችን ጠይቀው ነበር። በዚያ ሳምንት በቀን ስድስት ሰዓትና ከዚያ በላይ ዘገባውን ሲከታተሉ የሰነበቱት፣ ፍንዳታው በቀጥታ ካገኛቸው ሰዎች የባሰ የጭንቀት ምልክት ታየባቸው። ድሮም የተጨነቀ ሰው ነው ዜና የሚያበዛው የሚል ይኖራል። እውነት አለው፤ ጭንቀቱ ሰውየውን ወደ ዜና ይነዳዋል፣ ዜናው ደግሞ ጭንቀቱን ይመግባል።

አንድ ነገር ግን ለይቼ መናገር አለብኝ። በጥቅምት 2013 ዓ.ም. መጨረሻ የትግራይ ጦርነት ሲጀመር የክልሉ ስልክና ኢንተርኔት ተቋረጠ፤ በ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ ደግሞ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተዘጋ። በዋሽንግተን፣ በሪያድ፣ በቴል አቪቭ ስንቱ የእናቱን ድምፅ መስማት አቅቶት ሌሊቱን ፌስቡክ ላይ አነጋ! የዚያን ሰው ጭንቀት በሽታ የሚለው ካለ ተሳስቷል፤ ምክንያት ያለው ፍርሃት ነው። ለእርሱ እንኳ የምመኘው አንድ ነገር አለ፦ ስለ እናቱ ሊነግረው የሚችለውን ከማይነግረው መለየት። ከአካባቢው የወጣ ሰው ፈልጎ መጠየቅ፣ በቀይ መስቀል በኩል መልእክት መላክ፣ ከቤተሰብ ጋር ተራ ገብቶ መደወል ወደ እናቱ ያቀርባል። በማይታወቅ ቦታ፣ በማይታወቅ ቀን የተቀረጸ ቪዲዮ ደጋግሞ ማየት አያቀርብም። ዘዴያችን እንዲሠራ ግን ሁለቱ ሳይለዩ መደባለቅ አለባቸው።

ከዜናው ቀጥሎ ፍተሻ ይመጣል። ልጅዎ ታክሲ እንደተሳፈረች ይደውሉ፤ ሜክሲኮ ስትደርስ ይደውሉ፤ ስልኩ ካልተነሣ የአደጋ ዜና ይፈልጉ። ራስዎን ሲያምዎ ምልክቱን ኢንተርኔት ላይ ይጻፉና ከመልሶቹ ውስጥ አስፈሪውን ይምረጡ። ከዚያ «ምንም አይደለም አይደል?» ብለው ባለቤትዎን ይጠይቁ፤ «ምንም አይደለም» ሲሉዎት እፎይ ይበሉ፤ ከሰዓት በኋላ እንደገና ይጠይቁ። የሥነ ልቦና ሊቁ ሆባርት ማውረር እ.ኤ.አ. በ1947 ያስረዳው ይህንን ነው። ፍርሃት የሚጀምረው አንድ ነገር ከመጥፎ አጋጣሚ ጋር ሲቆራኝ ነው፤ ዕድሜው የሚረዝመው ግን በመሸሽ ነው። የሸሸ ሰው እፎይታ ያገኛል፤ እፎይታው ለሽሽቱ የተከፈለ ደመወዝ ይሆናል፤ ደመወዝ የተከፈለው ሽሽትም ነገ ተመልሶ ይመጣል። ሳይደውሉ ቢቆዩ ኖሮ ልጅቷ ያለ እርስዎ ጥሪም በሰላም እንደምትደርስ ያውቁ ነበር። ዘዴው ይህን እውቀት ይከለክላል፤ «ያልጠረጠረ ተመነጠረ» የሚለውን አባባል ከጎንዎ ያቆማል።

ሐሳቡ እንቢ ብሎ ከመጣ «አላስብም» ብለው ይታገሉት። የሥነ ልቦና ተመራማሪው ዳንኤል ዌግነር እ.ኤ.አ. በ1987 ተማሪዎችን ስለ ነጭ ድብ እንዳያስቡ ነግሮ፣ ባሰቡ ቁጥር ደወል እንዲመቱ አደረጋቸው። ደወሉ አላረፈም፤ በኋላ «አሁን አስቡ» ሲባሉም መጀመሪያውኑ ከተፈቀደላቸው ይልቅ ድቡ አብዝቶ መጣባቸው። የተጨነቀን ወዳጅ «ተወው፣ አታስብ» ማለት እንግዲህ ከነጭ ድቡ ጋር ማፋጠጥ ነው። ቡናም ይረዳዎታል፤ አቦሉን፣ ቶናውን፣ በረካውን ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ላይ ይጠጡ። ለብዙ ሰው ካፌይኑ ወደ ግማሽ የሚወርደው አምስት ሰዓት ያህል ቆይቶ ነውና ሌሊት ሰባት ሰዓት ላይ ልብዎ ሲመታ አዲስ መርዶ የመጣ ይመስልዎታል።

ይህ ሁሉ ለአዋቂ ነው። ዘዴው ለትውልድ እንዲተርፍ ከልጅ መጀመር አለበት፤ እኔንም ከሁሉ በላይ የሚያሳስበኝ ይህ ነው።

ልጁ ሲያለቅስ «ጅቡ መጣልህ» ይበሉት። አልበላም ካለ ሐኪሙ በመርፌ እንደሚወጋው፣ ካስቸገረ ፖሊሱ እንደሚወስደው ይንገሩት። ልቅሶው ወዲያው ጸጥ ስለሚል ጥሩ ምክር ይመስላል። ነገር ግን ትኩሳት ይዞት ጤና ጣቢያ ሲወስዱት ነጭ ካፖርት ባየ ቁጥር የሚጮኸው ለምንድን ነው? መርካቶ መሐል ቢጠፋብዎስ ወደ ማን ይሄዳል? ሊረዱት የሚችሉትን ሰዎች አንድ በአንድ አስፈራርተንበታል። ነውሩ የእናቶች ብቻ አይደለም፤ አባትም፣ ሠራተኛም፣ ጎረቤትም፣ ሁላችንም በዚህ ቋንቋ ነው ያደግነው።

ቃል ሳያወጡም ማስፈራት ይቻላል፤ ፊትዎ ይበቃል። እ.ኤ.አ. በ1985 በታተመ ጥናት የአንድ ዓመት ሕፃናት በመስታወት በተሸፈነ ጠረጴዛ ላይ እንዲድሁ ተደረገ፤ ከመስታወቱ ሥር ወለሉ ዝቅ ስለሚል ገደል ያለ ይመስላል። እናት ከወዲያ ማዶ ትቆማለች። ፊቷ ላይ ደስታ ካሳየች ከ19 ሕፃናት 14ቱ ተሻገሩ፤ ፍርሃት ካሳየች ከ17ቱ አንድም አልተሻገረም። ሕፃኑ ገደሉን የሚለካው በእናቱ ፊት ነው። ስለዚህ ውሻ ሲያልፍ ክንዱን ጨምድደው ይያዙት፤ የትምህርት ቤቱ በር ላይ ሲለዩት ዓይንዎን በእንባ ይሙሉ።

የፈራውን ሁሉ ያርቁለት። ብቻዬን አልተኛም ካለ ዓመቱን ሙሉ አብረውት ይተኙ፤ እንግዳ ሲያናግረው እርስዎ ይመልሱለት፤ ሆዴን አመመኝ ባለ ቁጥር ከትምህርት ቤት ያስቀሩት። በየል ዩኒቨርሲቲ የሚሠራው ኤሊ ሌቦዊትዝ ሕክምናውን የመሠረተው ይህን ልማድ በመቀነስ ላይ ነው። የሚታከሙት ወላጆቹ ናቸው፤ ልጁ ሐኪም ዘንድ እንኳ አይቀርብም። በ124 ልጆች ላይ በተደረገ ሙከራ ውጤቱ ልጆቹ ራሳቸው ከሚወስዱት የንግግር ሕክምና አላነሰም። ወላጆቹ የሚማሩት ሁለት ነገር አብሮ መናገርን ነው፦ «እንደፈራህ አውቃለሁ፤ እንደምትችለውም አውቃለሁ።» የመጀመሪያውን ብቻ የሚል ወላጅ ከልጁ ጋር ይፈራል፤ ሁለተኛውን ብቻ የሚል «ወንድ ልጅ አይፈራም» ብሎ ይገሥጻል። በእኛ ቤት የሚበዛው ሁለተኛው ነው።

መቶ ዓመት ያለፈው አንድ ሥራም ለዘዴው አደገኛ ነው። የሥነ ልቦና ባለሙያዋ ሜሪ ከቨር ጆንስ እ.ኤ.አ. በ1924 ስለ አንድ የሦስት ዓመት ገደማ ልጅ ጻፈች። ፒተር የተባለው ይህ ልጅ ጥንቸል፣ የፀጉር ካፖርት፣ ጥጥ ሳይቀር ይፈራል። የሚወደውን ምግብ እየበላ ሳለ ጥንቸሏን በፍርግርግ ሣጥን ውስጥ አድርጋ ከሩቅ ታስቀምጣለች፤ በሌላ ቀን ጥቂት ታቀርባለች፤ የማይፈሩ ልጆችም አብረውት እንዲጫወቱ ታደርጋለች። መሐል ላይ ልጁ በቀይ ትኩሳት ታሞ ለሁለት ወር ያህል ተቋረጠ፤ አንድ ትልቅ ውሻ አስደንግጦትም ፍርሃቱ አገረሸበት። ከወደቀበት እንደገና ጀመረች። በመጨረሻ ልጁ ጥንቸሏን አቀፋት። ዛሬ በጥንቃቄ የሚሰጠው ፍርሃትን ደረጃ በደረጃ የመጋፈጥ ሕክምና መነሻው እዚህ ነው። ለእኛ ዘዴ ከአስደነገጠው ውሻ በኋላ ማቆም ነበረባት፤ እርስዎም ልጅዎ አንድ ቀን ሲያገረሽበት «አልተሳካም» ብለው ይተዉት።

ለአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ደግሞ ቁጥር አለ። በ2014 ዓ.ም. የትምህርት ዘመን ብሔራዊ ፈተና 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 ከመቶ ብቻ ነበሩ። ይህን በየራቱ ይንገሩት፤ የጎረቤትን ልጅ ስም ያክሉበት፤ «ተስፋችን አንተ ነህ» ብለው ይዝጉ። የዛሬ ማታ የትኛውን ምዕራፍ እንደሚያነብ ግን አይጠይቁት፤ ምዕራፍ የሚጨርሱት፣ የሚያልቅ ነገር ነው።

ሁሉም ሠርቶ ስጋቱ እንቅልፍ፣ ሥራና ምግብ ከነሣዎት ለማንም አይንገሩ። በዚምባብዌ ዋና ከተማ በሐራሬ የሥነ አእምሮ ሐኪሙ ዲክሰን ቺባንዳ እ.ኤ.አ. ከ2006 ጀምሮ አያቶችን አሠልጥኖ ከጤና ጣቢያ ግቢ በእንጨት አግዳሚ ላይ አስቀመጠ። የተጨነቀው መጥቶ ያወራል፤ አያቲቱ ከችግሮቹ አንዱን አስመርጣ ቀጣዩን ትንሽ እርምጃ ታስይዘዋለች። እ.ኤ.አ. በ2016 በታተመ ሙከራ በዚህ መንገድ የታገዙት ከስድስት ወር በኋላ ከሌሎቹ በእጅጉ ተሽሏቸው ተገኙ። እርስዎ ግን «እብድ ይሉኛል» ይበሉ። አማኑኤል ሆስፒታል መሄድ ውርደት ነው ብለው ይመኑ፤ ጭንቀት በንግግርም በመድኃኒትም እንደሚታከም፣ ልብ የሚያስመታ የእንቅርት ዕጢ ሕመምና የደም ማነስ በቀላል ምርመራ እንደሚለዩ አይስሙ። ከቤትዎ አጠገብ ያለው ጤና ጣቢያ ካርድ ክፍል ገብተው «እንቅልፍ የለኝም፣ ልቤ ይመታል፣ ሐሳብ አልለቅ ብሎኛል» አይበሉ፤ ለመጀመሪያው ቀን ይህን ያህል መናገር ይበቃልና።