ሩዙ ታጨደ፣ እግዱ አልተነሣም

እኔ የታገደ ሰው አይደለሁም፤ የታገደ ሰው ዋስ ነኝ። የትኛው እንደሚብስ ግን እንጃ።

ለወዳጄ ደብዳቤው የደረሰው ሰኔ ላይ ነው፣ የፎገራ ሜዳ ሩዝ ሲዘራ። አንድ ገጽ ናት። «ጉዳዩ፦ ከሥራና ከደመወዝ መታገድዎን ስለማሳወቅ» ብላ ትጀምርና «ከሰላምታ ጋር» ብላ ትጨርሳለች። ግርጌዋ ላይ ግልባጭ ለሰው ሀብት፣ ለፋይናንስ፣ ለመዝገብ ቤት። እኔን ያበሸቀኝ ሰላምታው ነው። ሰውን ከእንጀራው አንሥተህ ሰላምታ ምን ይሉታል?

ሁለት ወር ነው አሉን። ሁለት ወር ምን አላት፣ ርብና ጉማራ ወንዞች ሞልተው እስኪጎድሉ ታልቃለች አልን። ነሐሴ አለፈ። ሩዙ አሸተ፣ ኅዳር ላይ ታጨደ፣ ተወቃ፣ በቀረው እርጥበት ጓያ ተዘራበት። የዲሲፕሊን ኮሚቴው ግን አንድ ምስክር አልሰማም። አንዴ ምልዓተ ጉባኤ አልሞላም፤ አንዴ ሰብሳቢው ሥልጠና ሄደዋል፤ አንዴ የኦዲት ሪፖርቱ ከዞን አልወረደም። ሰብሳቢው ተመለሱ ስንል ደግሞ ተዛወሩ ተባለ። አዲሱ ሰብሳቢ መዝገቡን ከሀ ጀምረው ያንብቡት እንጂ!

ሕጉ ዝም ብሎ ቢሆን ባልተናደድሁ። የፌዴራሉ የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999ም፣ እሱን የተካው 1064/2010ም እግድ ከሁለት ወር አይበልጥም ይሉ ነበር፤ የክልሎቹም በዚያው መንፈስ የተቀረጹ ናቸው። ሰው የሚታገደው ማስረጃ እንዳይሰውር ወይም በመሥሪያ ቤቱ ንብረት ላይ ሌላ ጥፋት እንዳይጨምር በሚል ነው። ይሁን፣ ሰነድ የሚያጠፋ ሰው ወንበሩ ላይ ይቀመጥ አላልሁም። ግን በእነዚያው አዋጆች ውስጥ ትልቁ የገንዘብ መቀጮ የሦስት ወር ደመወዝ ነበር። ጥፋተኛ ተብሎ የተቀጣው ሦስት ወር ሲቆረጥበት፣ ገና ያልተጠየቀው ስድስት ወር ሙሉ ባዶ እጁን ተቀመጠ። ካልተሰናበተ ይከፈለዋል ትሉኛላችሁ። አዎ፣ ያለ ወለድ ይከፈለዋል። በዱቤ ዘይት የሰጠችው ባለሱቅ ግን የሰኔውን ዋጋ አልጠበቀችለትም።

የብድሩ ነገር ደግሞ አለ። ከሠራተኞች ቁጠባና ብድር ማኅበር ተበድሮ ቤቱን ቆርቆሮ አልብሷል፣ ዋሱ እኔ። የሱ ደመወዝ ሲታገድ ተቆራጩ ወደኔ ዞረ። የደመወዝ ቀን ፔሮል ላይ ስፈርም ሒሳብ ሹሟ ቀና ብላ አይታኝ «አይዞህ» ትለኛለች። እኔ ምን አጠፋሁ? ደብዳቤም አልተጻፈልኝ፣ ሰላምታም አልደረሰኝ።

ሌላ ሥራ ይያዝ እንዳትሉ። መልቀቂያና ክሊራንስ ሲጠይቅ «አንተ እኮ ሠራተኛችን ነህ» ይሉታል። ደመወዝ ሲጠይቅ «አንተ እኮ ታግደሃል» ይሉታል። ልጆቹ ደብተር ሲጠይቁት ምን እንደሚላቸው አልነግራችሁም። አሁን ከመንገዱ ዳር ካሉት የሩዝ መፈልፈያዎች አንዱ ዘንድ የሩዝ ከረጢት ሲመዝን ይውላል። የሚያውቀው ባለጉዳይ ሲመጣ እብቁን አስታኮ ፊቱን ይሸፍናል።

የሱ ጠረጴዛ ሥራ ለሁለት ተከፍሎ ለሌሎች ተጨምሯል። እነሱም ያማርራሉ፣ ባለጉዳዩም «የያዘው ሰው የለም» እየተባለ ይመለሳል። በነፃ ቢለቀቅ ደግሞ መንግሥት ላልተሠራ ሥራ የስንት ወር ደመወዝ ቆጥሮ ሊሰጥ ነው። ሕንዶች እንኳ የታገደ ሠራተኛቸውን ጦሙን አያሳድሩም፤ መተዳደሪያ ይቆርጡለታል። ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸውም በአውሮፓ አቆጣጠር 2015 ላይ፣ የክስ ማመልከቻ ሳይሰጠው ማንም ከሦስት ወር በላይ ታግዶ አይቆይ ብሏል። እኛ ዘንድ ሁለት ወሩ ተጽፎ ተቀምጧል፤ የሚቆጥረው ጠፋ እንጂ።

ባለፈው ሳምንት ስልኩ ጮኸ። ከቢሮ ነው። ውሳኔ መጣ ብለን ሁለታችንም ብድግ አልን። «ያ የ2014ቱ የርክክብ ፋይል የት ነበር ያስቀመጥከው? ፈልገን አጣነው፣ እስቲ ብቅ በል» አሉት። ሰነድ እንዳይነካ የታገደው ሰው ሄደ፣ ከሁለተኛው መደርደሪያ ከጀርባ አውጥቶ አቧራውን አራግፎ ሰጣቸው። አመሰገኑት። «የኔስ ጉዳይ?» ቢላቸው «በሂደት ላይ ነው» አሉት።

የባጃጁን ደርሶ መልስ የከፈልሁት እኔ ነኝ።