ጨዋ ሰው ሳሎኑ ውስጥ አይጨፍርም

በእኛ አገር ስፖርት መጀመር የራሱ ሥርዓት አለው። መጀመሪያ ቱታ ይገዛል፣ ቀጥሎ ጂም ይመዘገባል፣ ከዚያ «ከሰኞ ጀምሮ» ይባላል። የዓለም ጤና ድርጅት ግን ቱታም ሰኞም አልጠየቀም፤ ለአዋቂ በሳምንት ቢያንስ 150 ደቂቃ መካከለኛ እንቅስቃሴ፣ ከ5 እስከ 17 ዓመት ላለ ልጅ ደግሞ በቀን በአማካይ 60 ደቂቃ ነው ያለው። በሳምንት 6 ቀን፣ ለ25 ደቂቃ ሳሎኑ ውስጥ የሚጨፍር ቤተሰብ የአዋቂዎቹን ድርሻ ሞላ፤ የልጆቹንም ከሲሶ በላይ አደረሰ። ጭፈራ ቀላል ነው የሚል ካለ ጉራጊኛ ይሞክር፤ ከሁለት ዘፈን በኋላ ሳያለከልክ የሚያወራ ከተገኘ ሲያጨበጭብ የቆየው እሱ ነው።

«ጨዋ ሰው ያለ ሰርግ አይጨፍርም» የሚሉ አሉ። ይኸው ጨዋ ሰው በአምስት መቶ እንግዳ ፊት ትከሻውን ሲሰብቅ ክብሩ አልተነካም፤ በገዛ ሳሎኑ ማን ሊያዋርደው ነው? የኮንዶሚኒየም ነዋሪ «ታች ያለው ጎረቤትስ?» ቢል ግን እውነት አለው፤ በሰው ጣሪያ ላይ ጉራጊኛ መምታት ግፍ ነው። እስክስታ ግን ሥራው ትከሻና ደረት ላይ ስለሆነ ወለል አይደበድብም። «ልጆቹ ከስልካቸው አይነሱም» ለሚለውም መልስ አለ፦ አባት ሲጨፍር ለመቅረጽ ሲሉ ይነሳሉ። መነሳታቸው ነው ቁም ነገሩ።

እንግዲህ ጠረጴዛውን ወደ ግድግዳው ገፋ አድርጉት። ጉልበታቸውን የሚያማቸው አያትም ተቀምጠው ትከሻቸውን ይስበቁ፤ ይቆጠርላቸዋል።