ቀንን በእጅ ስለመፈልፈል የወጣ አዋጅ

አዋጅ! አዋጅ! የሰማህ ላልሰማ አሰማ!

«ክሬት ፍሮም ፎርማት» የተባለው ቀን አንባቢ እ.ኤ.አ. በ2009 ከፒኤችፒ 5.3 ጋር የተሾመ በመሆኑ፤ በ5.2 ሰርቨር ላይ የቀሩ ዜጎች በጠሩት ቁጥር «እንዲህ የሚባል አናውቅም» ተብለው ገጻቸው ነጭ ሆኖ ስለሚቀር፤ ሰርቨሩንም «የሚሠራ ነገር አይነካም» የሚሉ አለቆች ስለያዙት፣ የሚከተለው ታውጇል።

አንቀጽ 1። ይህ አዋጅ አጭር ርዕስ ብቻ አለው። ረጅሙን ለማውጣት የተጠራው ጉባኤ ምልዓተ ጉባኤ አልሞላም፤ ጥሪው ላይ «3/4/2010» ተብሎ ስለነበር ግማሹ ማርች 4፣ ግማሹ ኤፕሪል 3 መጣ።

አንቀጽ 2። ሌላው ቀን አንባቢ «ስትር ቱ ታይም» ለእንዲህ ዓይነቱ ቀን ምስክር አይሆንም። ቁጥሮቹ በእዝባር ከተለያዩ እንደ አሜሪካኖች ማርች 4 ይላል፤ በጭረት ከተለያዩ ደግሞ ኤፕሪል 3። ሁለቱንም ሲናገር ፊቱ አይቀላም።

አንቀጽ 3። ባለ 5.2 ሁሉ ጽሑፉን በ«ኤክስፕሎድ» ይቆራርጥ፤ ቀን፣ ወርና ዓመቱን ለየብቻ ያስቀምጥ፤ በ«ቼክ ዴት» ያስመርምር፤ ከዚያ በኋላ ብቻ ለ«ኤምኬ ታይም» ያስረክብ። ሁለቱም ወርን ከቀን አስቀድመው ስለሚቀበሉ ሲያቀርብ ይጠንቀቅ። ምርመራውን የዘለለ ወየውለት! ኤምኬ ታይም ይሉኝታ ስላለበት እምቢ አይልም፤ ፌብሩዋሪ 30 ቀን 2010 ቢሰጡት ዝም ብሎ ማርች 2 አድርጎ ይመልሳል። የካቲት 30ን የለመደ ያገራችን ፕሮግራመር በተለይ ልብ ይበል። ጳጉሜንን 13ኛ ወር ብሎ ያቀረበም ከቼክ ዴት በር ይመለሳል።

አንቀጽ 4። «ሜተድ ኤግዚስትስ» ዋናው ሹም ክሬት ፍሮም ፎርማት መኖሩን አስቀድሞ ይጠይቅ፤ ካለ ሥራው ለእርሱ ይሰጥ፣ ከሌለ ምትኩ ይሥራ። በነገራችን ላይ ዋናውም ፌብሩዋሪ 30ን ወደ ማርች 2 ያሻግራል። ልዩነቱ ማስጠንቀቂያ ጽፎ መዝገብ ቤት ማስቀመጡ ነው፤ መዝገብ ቤት የሚሄድ ግን የለም።

አንቀጽ 5። የፓይተን ጎረቤቶቻችን አይሳቁ። «ፍሮም አይሶ ፎርማት» የደረሳቸው በ3.7 ነው፤ እሱም ከሰዓቱ መጨረሻ የምትቆመውን «ዜድ» እስከ 3.11 ድረስ አላስገባም ብሎ ነበር።

አንቀጽ 6። ይህን አዋጅ የተላለፈ የሌሊት ተረኛ ይሆናል። ይግባኝ ያለው የ5.2ን ሰርቨር ለተከለው ባለሙያ ማመልከት ይችላል፤ ባለሙያው ሥራ ከለቀቀ ቆይቷል፤ የይለፍ ቃሉንም ለማንም አላስረከበም።