የአሥራ ሁለቱ ድምፆች እድር

በለቡ መብራት ኃይል፣ ከኮንዶሚኒየሞቹ በአንዱ፣ አሥራ ሁለት ድምፆች በጉርብትና ይኖሩ ነበር አሉ። እድር ነበራቸው። በስብሰባው ወንበር የሚያገኙት ግን አምስት ብቻ ናቸው፤ ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል እና ላ። ዳኛው ጋሽ ክራር አንዴ በትዝታ ሜጀር ከተቃኙ ወዲህ መቃኛቸውን ነክተው አያውቁም። ሰባቱ መዋጮውን እኩል እየከፈሉ ደጅ ይቆማሉ።

አንድ ቀን ሶል ፍላት፣ «ጋሽ ክራር፣ ምን አጥፍቼ ነው የማልገባው?» ብላ ጠየቀች።

«ልጄ፣ አንቺ ከገባሽ ዜማው ይበላሻል» አሏት።

በዚህ መሐል ፒያኖ የሚባል ተከራይ መጣ። ይዞት የመጣው ደንብ የሙዚቃ ደራሲው አርኖልድ ሾንበርግ እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ ያወጣው ነው፦ አሥራ ሁለቱም ይግቡ፤ አለቃ አይኑር፤ አንዱ ከተናገረ ሌሎቹ አሥራ አንዱ ሳይናገሩ አይድገም። ሰባቱ እልል አሉ። ደንቡ ከልብ የታሰበበት ነበር፤ ሲገፋ የኖረውን ሁሉ በአንድ ቀን ከሰው ይቆጥራል።

ሳምንት ሳይሞላ ጎረቤት ሞተ። አሥራ ሁለቱም ለቅሶ ቤት ሄደው በየተራቸው፣ ያለ አድልዎ ተናገሩ። አልቃሿ ግን ዜማዋን የምታሳርፍበት አጣች። ወደ ዶ ስትጠጋ ዶ ተራዋን ጨርሳለች። እንባዋ ደረቀ።

ማታ ሁሉም ተኮራርፎ ሳለ አባ በገና፣ «ክራር፣ ለአንተ የተሰጠህ ቅኝት አንድ ብቻ ነው ያለህ ማነው? መቃኛህን አዙር» አሉ።

ጋሽ ክራር እየከበዳቸው አዞሩ። ትዝታ ማይነር ሲሆን ሚ ፍላትና ላ ፍላት ገቡ። ባቲ ሜጀር ፋንና ሲን ጠራ፤ ባቲ ማይነር ሲ ፍላትን። አምባሰል ሬ ፍላትን ከዶ አጠገብ አስቀመጠ። በመጨረሻ አንቺሆዬ ሲቃኝ ሶል ፍላት ገባች፤ ታበላሸዋለች የተባለውም ዜማ በእሷ አማረ። ሳይነጋ ያልተቀመጠ አልነበረም፤ ወንበሩ በየቅኝቱ አምስት፣ ማረፊያዋም ዶ እንደሆነች።

ፒያኖም አልተባረረም። ሙላቱ አስታጥቄ በኢትዮ ጃዝ አምስቱን ድምፅ ከአሥራ ሁለቱ ጋር እንዳኗኗረ ሰምቶ ከክራር ጎን ተቀመጠ።

እኔ ብፈርድ ጥፋቱን በወንበሩ ቁጥር ላይ አላደርገውም፤ ዘመኑን ሁሉ በአንድ ቅኝት የተቀመጠው ዳኛ ነው ያጠፋው። እድርተኛውም እንዲሁ ፈረደ። በሚቀጥለው እሁድ መተዳደሪያ ደንቡ ተሻሻለ፦ ዳኛ የሚሆን አራቱንም ቅኝቶች መቃኘት አለበት፤ ያልቻለ ዓመቱን ሳይጨርስ ይወርዳል።