ምርመራ እንዳይቋረጥ የወጣ አዋጅ

አዋጅ! አዋጅ! የሰማህ ላልሰማ አሰማ! ከሽሮ ሜዳ እስከ አዲሱ ገበያ፣ ከቀጨኔ እስከ እንጦጦ ግርጌ ያለህ የጉለሌ ነዋሪ ሁሉ፤ ፖሊስ በጀመረው ምርመራ ፍርድ ቤት መቼ እጁን ማስገባት እንደሚችል ተወስኗል። የሚችለው ምርመራው ሲያልቅ ነው። ማለቁን የሚያውቀው መርማሪው ብቻ ነው።

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል። የመንገዱ ጊዜ አይቆጠርም የሚለውም እሱው ነው። ስለዚህ ከሽሮ ሜዳ ፒያሳ የሚወርድ ተጠርጣሪ በሱሉልታና በፍቼ ዞሮ እንደሄደ ይቆጠራል። መንገዱ የአንድ ታክሲ መሆኑን ለችሎት የሚናገር ጠበቃ ምርመራ አደናቅፏል።

በ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 59 ለምርመራ የሚሰጥ አንድ የጊዜ ቀጠሮ ከ14 ቀን አይበልጥም። ስንት ጊዜ እንደሚሰጥ ግን አልተጻፈም፤ አርቃቂዎቹ ይባረኩ። የ2001ዱ የፀረ ሽብር አዋጅ ቁጥር 652 ከእነሱም ይልቅ ደግ ነበር፤ ቀጠሮው ከ28 ቀን አያንስም ብሎ ጀመረ፣ ምን ያደርጋል፣ አራት ወር ላይ ቆመ። በሚያዝያ 2006 የተያዙት የዞን ዘጠኝ ጦማሪዎች ክስ የተመሠረተባቸው ሐምሌ ላይ ነው፤ እስከዚያ ከማዕከላዊ እስር ቤት አራዳ ችሎት ሲመላለሱ ከርመዋል። ያ ሕግ በ2012 በአዋጅ ቁጥር 1176 መተካቱ ይህን አዋጅ ባረቀቁት ዘንድ እስካሁን በሐዘን ይታሰባል።

ከሁሉ የሚከፋው የዳኛ ጥያቄ ነው። መርማሪው መዝገቡን ብብቱ ሥር ሸጉጦ፣ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ቀሪ ምስክር አለን፤ ያልተያዙ ግብረ አበሮች አሉ፤ የቴክኒክ ማስረጃ እየጠበቅን ነው፤ በዋስ ቢወጣ ምስክር ያባብላል» ይላል። እስከዚህ ወግ ነው። አንዳንድ ዳኛ ግን መነጽሩን ዝቅ አድርጎ፣ «ባለፈውም ያላችሁት ይህንኑ ነው። በ14ቱ ቀን የስንት ምስክር ቃል ተቀበላችሁ? እስቲ መዝገቡን ወዲህ በሉት» ይላል። ሲገለጥ የተጠርጣሪው ቃልና ሁለት የደብዳቤ ቅጂ! እንግዲህ ዳኛ ከመዝገቡ ልባስ አልፎ እንዳያይ ተከልክሏል።

ምሳ ዕቃ ይዛ ጣቢያ በር የምትቆም የቀጨኔ እናት «ልጄ መቼ ይፈታል?» ብትል «ምርመራ ላይ ነው» ይባላል። ሽሮው ግን በማንኪያ ተማስሎ፣ ቀድማ እንድትቀምስ ተደርጎ፣ ይገባል። ጣቢያው በዕለቱ የጨረሰው ብቸኛ ምርመራ ይኸው ነው።

ስለ ዋስትና አዲስ ነገር መፍጠር አላስፈለገም። በ1993 ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ የቀድሞውን የመከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ አብርሃን በዋስ ሲለቋቸው፣ ፖሊስ እዚያው ፍርድ ቤቱ ደጃፍ ላይ መልሶ ያዛቸው፤ ምክር ቤቱም ወዲያው በሙስና ለተጠረጠረ ሰው ዋስትና የሚነፍግ ሕግ አወጣ። አቶ ስዬ የተፈቱት በ1999 ነው። በ2013 መጀመሪያ ደግሞ ቢሾፍቱ ታስረው የነበሩት አቶ ልደቱ አያሌው በ100 ሺሕ ብር ዋስ ይውጡ ተብሎ ሳለ ፖሊስ አልለቅም አለ። እነዚህን የመሰሉ ፈር ቀዳጆች እያሉ «ይፈታ» የሚል ትእዛዝ በጣቢያው ዘንድ እንደ ሽማግሌ ምክር ይሰማል፣ ይመሰገናል፣ ይቀመጣል። አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ የሚያቀርብ ቤተሰብም የሚፈታውን አካል አስቀድሞ ለመዝገብ ቤት ያሳያል።

ይህ አዋጅ በነጋሪት ጋዜጣ ታትሞ ከወጣበት ቀን ጀምሮ የጸና ይሆናል። አታሚው ተጨማሪ 14 ቀን ጠይቋል፤ ተፈቅዶለታል።