እኔ ያኔውኑ ብያለሁ!

ሰው ሲያልፍለት ዘመዱ ይበዛል፤ ተዋናይት ሲያልፍላት ደግሞ ነቢይዋ። ሻርሊዝ ቴሮን በፈረንጆቹ 2004 «ሞንስተር» በተሰኘው ፊልም ኦስካር ስትሸለም፣ «እኔ እኮ ገና ድሮ፣ በካሴት ሳያት ነው ያወቅኩት!» የማይል ሰው ከተማው ውስጥ ጠፍቶ ነበር። ያ ካሴት በ1995 የወጣው «ችልድረን ኦፍ ዘ ኮርን» («የበቆሎው ልጆች» እንደማለት) ቁጥር ሦስት ነው፤ የሲኒማ ቤት ደጃፍ ሳይረግጥ በቀጥታ ቪዲዮ ማከራያ የገባ አስፈሪ ፊልም። ሴትዮዋ እዚያ ውስጥ አንዲት ቃል አትተነፍስም፤ ስሟም ከተዋንያኑ ዝርዝር የለም። የኛ ነቢይ ግን ችሎታዋን ከዝምታዋ ሰምቷል።

እውነቱን እናውራ ከተባለ ፊልሙን የፈለግነው ከሽልማቱ በኋላ ነው። ቤተሰብ ተሰብስቦ፣ ቡናው ቀርቦ፣ ሁሉም ዓይኑን ስክሪኑ ላይ ተክሏል። «የታለች?» «ቆይ፣ ትመጣለች።» «ያቻት!» ሲባል አንዱ ፈንዲሻ ሲዘግን፣ አንዷ ሲኒ ስታቀብል፣ አመለጠችን። ሪሞት ፍለጋ፣ ወደ ኋላ መመለስ፣ ማቆም። በመጨረሻ አባወራው ጣቱን ስክሪኑ ላይ ደግኖ «አላልኳችሁም? ኮከብነቷ ከሩቁ ያስታውቃል!» ይላል። የጠቆመው ሌላዋን ልጅ ነው።

የዚያ በቆሎ ማሳ በረከት መቼም አያልቅ። ቁጥር አራት ላይ በ1996 ናኦሚ ዋትስ ነበረች፤ ቁጥር አምስት ላይ በ1998 ኢቫ ሜንዴዝ። ሁለቱም ስማቸው የገነነው በ2001 ነው፤ አንዷ በ«ማልሆላንድ ድራይቭ»፣ ሌላዋ በ«ትሬኒንግ ዴይ»። ዋትስን ያኔ «በአንድ ሌሊት ኮከብ ሆነች» አልናት። ሴትዮዋ አውስትራሊያ ውስጥ ፊልም የጀመረችው በ1986 ነው። ሌሊቱ 15 ዓመት ፈጅቷል፤ እኛ ተኝተን ስለነበር አጭር መሰለን።

እንዲህ የሆሊዉድን ኮከብ ከበቆሎ ማሳ የምንለቅም ሰዎች፣ የሰፈራችን ልጅ በጓደኛዋ ካሜራ ፊልም ስትሠራ ግን ዓይናችን ይታወራል። «ጎበዝ፣ በርቺ!» ብለን ሳንጨርስ «ሥራ ግን መቼ ነው የምትይዢው?» እናስከትላለን። እናቷም «ለጊዜው ነው፣ ትተወዋለች» እያለች ጎረቤቱን ታጽናናለች። እኔም ብሆን «ልጄ፣ ዲግሪሽን እንዳትረሺ» ብዬ መክሬያታለሁ። ለማንኛውም ግን አብሬያት ፎቶ ተነስቻለሁ፤ ቀኑም ከታች በደንብ ይነበባል።